«ተረቴን መልሱ»

ባለፈው ሰሞን የአክስቴን ልጅ ልጠይቅ ስሄድ ባዶ እጄን አልሄድኩም። ሁለተኛ ክፍል ለምትማረው ልጇ አንድ የተረት መጽሐፍ ይዤላት ነበር። ሽፋኑ ያብረቀርቃል፤ ውስጡ ባለ ቀለም ሥዕል አለው፤ ፊደሉም ለልጅ ዓይን እንዲመች ጎላ ብሎ ታትሟል። ተረቱ ሁላችንም የምናውቀው የጅብና የአህያ ተረት ነው። ጅቡ ከወንዙ ራስጌ፣ አህያዋ ከግርጌ ሆነው ውሃ ይጠጣሉ። ጅቡ «ምነው ውሃዬን ታደፈርሺብኛለሽ?» ይላል። ነገሩ ወዴት እንደሚያመራ የገባት አህያም «አያ ጅቦ፣ ሳታመካኝ ብላኝ» ትለዋለች።

ልጅቱ ጮክ ብላ አነበበችልኝ። እውነቱን ለመናገር ጥሩ አድርጋ ነው የምታነበው። ስትጨርስ ግን መጽሐፉን አልዘጋችውም። ቀና ብላ «ለምን አልሮጠችም?» አለችኝ።

«ማን?»

«አህያዋ ናታ! ሊበላት እንደሆነ ካወቀች ለምን ቆማ ታወራለች?»

መልስ አልነበረኝም። ይህን ተረት ከልጅነቴ ጀምሮ ሳውቀው እንዲህ ያለ ጥያቄ አንድም ቀን መጥቶብኝ አያውቅም። እኔ እያሰላሰልኩ ሳለ እናቷ ከጓዳ ብቅ አለችና «እሱን ተዪውና ጥያቄውን ሥሪ፤ ጋሼንም አታድክሚያቸው» አለች። ጥያቄው ከመጨረሻው ገጽ ግርጌ ታትሞ ይጠብቃል። «ከዚህ ተረት ምን እንማራለን?» ይላል። ከሥሩ ሁለት መስመር ነጠብጣብ ተደርድሯል። ልጅቱ እርሳሷን አነሳች፤ ለአፍታ እንኳ አላመነታችም፤ «ጎበዝ ተማሪ መሆን እንዳለብን እንማራለን» ብላ ጻፈችበት። እናቷ አይታ «ጎበዝ!» አለቻት።

አህያዋ ተበልታ ነው እንግዲህ ይህ ሁሉ።

ሳቄን መለስኩ እንጂ ነገሩ ግን ሲከነክነኝ ሰነበተ። ልጅቱ ሰነፍ ብትሆን ምንም ባልገረመኝ። ሰነፍ አይደለችም። ከደቂቃ በፊት እኔን አፍ ያስያዘኝን ጥያቄ የጠየቀችው እሷው ናት። ነጠብጣቡ ላይ ስትደርስ ግን ሌላ ሰው ሆነች። ነጠብጣብ ምን እንደሚፈልግ ቀድሞ ገብቷታል። ነጠብጣብ የሚፈልገው የታየውን ሳይሆን የሚጠበቀውን ነው። የሚጠበቀው ደግሞ ሁልጊዜ አንድ ዓይነት ስለሆነ፣ ስለ ጅብም ተጠየቀች ስለ ጦጣ፣ ስለ ንጉሥም ስለ እረኛ፣ «ጎበዝ ተማሪ መሆን» የማይገባበት ቦታ የለም። በየመጻሕፍት መደብሩና በየአዟሪው እጅ የሚሸጡትን የልጆች መጻሕፍት ያገላበጠ ሰው ይህችን ጥያቄ በብዙዎቹ መጨረሻ ላይ ያገኛታል። አንዳንዱ «የተረቱ መልእክት» ይላታል፤ አንዳንዱ ደግሞ ልጁን ከማሰብ ድካም ሊያድነው ፈልጎ መልሱን ራሱ አትሞ ይሰጠዋል።

ይህች ጥያቄ ከየት መጣች? ተረት ምክር ማዘሉ አዲስ ነገር አይደለም። ከበደ ሚካኤል በ«ታሪክና ምሳሌ» የእንስሳቱን ወግ ከነገሩን በኋላ ምክሩን በግጥም ያስከትሉታል፤ ያንን መጽሐፍ በቃሉ ይዞ ያደገ ትውልድም አለ። ይሁን እንጂ የከበደ ምክር ራሱ ግጥም ነው፤ ቤት ይመታል፤ ልጁ ምክሩን ባይቀበለው እንኳ ዜማው ጆሮው ላይ ይቀራል። የዛሬዎቹ አሳታሚዎች የወሰዱት ምክሩን ሲሆን ግጥሙን ጥለውታል። ከዚያ ምክሩን ወደ ፈተና ለውጠው ከገጹ ግርጌ ለጠፉት። እንዲህ ሆኖ የተረት መጽሐፍ ቤት የገባ የመማሪያ መጽሐፍ ሆኗል። ወላጁም በተራው ሁለተኛ መምህር፣ ቤቱም ሁለተኛ ክፍል ሆነዋል።

የድሮው ተረት እንዴት ያልቅ እንደነበር እናስታውስ። ተራኪው «ተረት ተረት» ሲል ልጆቹ «የላም በረት» ብለው ይቀበሉታል፤ ይጀመራል። ሲያበቃ «ተረቴን መልሱ፣ አፌን በዳቦ አብሱ» ይላል። ይህችን መዝጊያ ስንት ጊዜ ሰምተናት ይሆን፣ ልብ ብለን ግን አልሰማናትም። «ምን ተማራችሁ?» አትልም። «መልሱ» ነው የምትለው፤ የሰጠኋችሁን ተረት መልሳችሁ ስጡኝ ማለት ነው። የሰማ ሁሉ ባለዕዳ ነው። ዕዳውን የሚከፍለውም በተራው ተራኪ ሆኖ ነው። አንዱ ልጅ የሰማውን አዙሮ ያወራል፤ አንዱ ሌላ ይጨምራል፤ ሦስተኛው ያልነበረ ዝንጀሮ ያስገባበታል። ዳቦውም ቢሆን እንዲያው ለቤት መምቻ የገባ ብቻ አይመስለኝም፤ የተናገረ አፍ ዋጋ ይገባዋል የሚል ነገር አለበት። ልጁ ተራው ደርሶ ሲያወራ ዳቦው የእሱ ነው።

በነጠብጣቡና በዚህች መዝጊያ መካከል ያለው ልዩነት ትንሽ እንዳይመስለን። ነጠብጣቡ ልጁን ፈታኝ ፊት ያቆመዋል። መዝጊያዋ ግን ከተራኪው ጎን ታስቀምጠዋለች። ተረቱን ለመመለስ ልጁ የነገሩን ቅደም ተከተል መያዝ አለበት፤ ማን ምን እንዳለ፣ የቱ ከየቱ እንደሚቀድም፣ የትኛው ቃል ላይ ድምፁን ዝቅ እንደሚያደርግ ማወቅ አለበት። ሰው ሲሰለች በዓይኑ ማየት፣ ሲሰለቹም ማሳጠር አለበት። ዛሬ በየትምህርት ቤቱ «ፕረዘንቴሽን» እየተባለ የሚያስጨንቃቸው ነገር ይኸው ነው፤ ልዩነቱ እዚያ ዳቦ አለመኖሩ ነው።

እንቆቅልሽን ደግሞ ተመልከቱ። «እንቆቅልሽ» ሲባል «ምን አውቅልሽ» ይባላል፤ ተጠያቂው መልሱ ከጠፋው አገር ይሰጣል። ጎንደርን፣ ሐረርን፣ ጅማን ይሰጣል። በዚህ ጨዋታ የአገሩን ከተሞች ስም የቆጠረ ልጅ ካርታ ከማየቱ በፊት ካርታ በአፉ ነበረው። ከሁሉ የሚገርመኝ ግን ጠያቂነቱ ነው። በትምህርት ቤት የሚጠይቀው መልሱን የሚያውቀው አዋቂ ነው። በእንቆቅልሽ ግን ልጅ ጠይቆ አያቱን መርታት ይችላል። አያት በልጅ ልጃቸው ተረትተው አዲስ አበባን የሚያስረክቡበት ሌላ ምን መድረክ አለን?

ከእንቆቅልሹ ጎራ የሚመደብ አንድ ጥያቄ አለ፤ ብዙ ቤት ውስጥ ይታወቃል። አንድ ሰው ነብር፣ ፍየልና ቅጠል ይዞ ወንዝ ይሻገራል። ጀልባው ከእሱ ጋር አንዱን ብቻ ነው የሚይዘው። ነብሩን ከፍየሏ ጋር ትቶ ቢሄድ ፍየሏ ትበላለች፤ ፍየሏን ከቅጠሉ ጋር ቢተው ቅጠሉ ይበላል። እንዴት ይሻገር? መልሱ ሰባት ጉዞ ይፈልጋል፤ ቁልፉም አንዴ ያሻገሩትን መልሶ ማምጣት መሆኑ ነው። ወደ ግብ ለመድረስ ወደ ኋላ መመለስ እንዳለ ልጁ ራሱ ካልደረሰበት በቀር ማንም አይነግረውም። ይኸው ጥያቄ በአውሮፓ በተኩላ፣ በፍየልና በጎመን ተቀይሮ ከሺህ ዓመት በፊት በላቲን ተጽፎ ይገኛል፤ የያዘው መድበል አልኩዊን ለተባለ ሊቅ ይሰጣል፤ የመድበሉም ርእስ የወጣቶችን አእምሮ ለመሳል የቀረቡ ጥያቄዎች እንደ ማለት ነው። እዚያ ሊቅ ለተማሪዎች የጻፈው፣ እዚህ እሳት ዳር ይጠየቅ የነበረ ነው። ከዚህ ጥያቄ ሥር «ምን እንማራለን?» ብሎ ነጠብጣብ የሚደረድር ሰው ካለ እሱ ራሱ ገና አልተሻገረም።

እዚህ ላይ አንባቢ «አሮጌውን ዘመን አታሳምርብን» ቢለኝ እውነቱን ነው። «ልጅ ያቦካው ለራት አይበቃም» የሚለው ተረት የእኛው ነው። አዋቂ ሲያወራ ልጅ ከጓዳ እንዲገባ የሚታዘዝበት፣ «ለምን?» ያለ ልጅ አፉ የሚመታበት ቤት ብዙ ነበር፤ ዛሬም አለ። የቄስ ትምህርት ቤቱም ቢሆን ፊደል አስቆጥሮ፣ መልእክተ ዮሐንስ አስነብቦ፣ ዳዊት እስኪያስደግም ድረስ አለንጋውን ከእጁ አላኖረም። ሆኖም ከዚያ ዘመን አንድ ነገር መዝረፍ ይገባናል እላለሁ። ልጁ ዳዊት ሲደግም ቤቱ ይደግስ ነበር። ደጋሹ አባት ራሱ ከፊደል አንዲቷን የማይለይ ሊሆን ይችላል። እናትየው ልጇ ሲያነብ የምትሰማው ቃል ግዕዝ ነው፤ ትርጉሙን አታውቀውም፤ ግን ትሰማለች። አለማወቃቸው ከልጃቸው ትምህርት አላስወጣቸውም።

የዛሬው የከተማ ወላጅ ግን ተባሯል። ራሱን በራሱ ነው ያባረረው ቢባልም ያስኬዳል። የ1986ቱ የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲ የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርት በአፍ መፍቻ ቋንቋ እንዲሰጥ ቢደነግግም፣ የከተማው ባለ አቅም ልጁን ከመዋዕለ ሕፃናት ጀምሮ እንግሊዝኛ ወደሚያስቀድመው የግል ትምህርት ቤት ይልካል። ከዚያ ማታ ማታ ኮሙኒኬሽን ቡክ ከፍቶ ይፈርማል። ሳይንሱ በእንግሊዝኛ ነው፤ ሒሳቡም እንደዚያው። «እኔ ምን አውቄ» ይልና አስጠኚ ይቀጥራል። ከዚያ በኋላ ለእሱ የቀረችው አንዲት ጥያቄ ናት፤ በየሴሚስተሩ ሪፖርት ካርድ ሲመጣ ይጠይቃታል፤ «ስንተኛ ወጣህ?»

አክስቴ ቤት ያየሁት ይህንኑ ነው። አክስቴ ከልጇ ጋር ነው የምትኖረው። ማንበብ አትችልም፤ ተረት ግን ብትጀምር ሌሊቱ ይነጋል እንጂ ተረቷ አያልቅም። እኔን ያሳደገኝ የእሷ አፍ ነው። በሳምንት ሦስት ቀን አንድ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ እየመጣ ልጅቱን ያስጠናል። ምስጉን ልጅ ነው፤ እሱን አልወቅስም። እሱ ሲመጣ ግን አክስቴ «ልጆቹን እንዳልረብሽ» ብላ ነጠላዋን ሰብስባ ወደ መኝታ ቤት ትገባለች። ሳሎኑ ውስጥ ስለ ጅብና ስለ አህያ ነጠብጣብ ይሞላል። ተረቱን ከነነፍሱ የምታውቀው ሴትዮ ከግድግዳው ወዲያ በዝምታ ተቀምጣለች።

ወላጆች የሚፈሩት በከንቱ አይደለም። የ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተና ውጤት በጥር 2015 ይፋ ሲሆን ግማሽና ከዚያ በላይ ያመጡት ከመቶ 3.3 ብቻ ነበሩ። በሚቀጥለው ዓመትም 3.2 ሆነ። ይህን የሰማ ወላጅ ምሽቱን ለተረት ልቀቅ ቢሉት እንደ ቀልድ ቢቆጥረው አይፈረድበትም። እኔም ተረት ፈተና ያሳልፋል አልልም። ነገር ግን እነዚያ ያልተሳካላቸው ልጆች አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ ነጠብጣብ ሲሞሉ የኖሩ ናቸው። ቀን የጎደለውን ማታ በዚያው በጎደለው ዓይነት መሙላት መድኃኒት ነው ብሎ ማመን ይከብደኛል።

ከቤት ውጭ ሙከራ አልጠፋም። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን በ1957 ዓ.ም. ሥራ ከጀመረ ወዲህ ለአሠርት ዓመታት የልጆችን ጊዜ የያዙት፣ በ2009 ዓ.ም. ያረፉት ተስፋዬ ሣህሉ፣ አባባ ተስፋዬ፣ ምክር ይወዱ ነበር፤ ተረታቸውም ያለ ምክር አያልቅም። ሆኖም ልጆች ስቱዲዮ ገብተው ስማቸውን ተናግረው ራሳቸው ተረት ያወሩ ነበር። በየሰፈሩ፣ አንድ ቴሌቪዥን ባለበት ቤት ተኮልኩለን እናይ ለነበርነው ትልቁ ነገር ያ ነበር፤ እንደኛ ያለ ልጅ ሲያወራ መስማት። በ1990ዎቹ መጨረሻ መምህርት ብሩክታዊት ጥጋቡ ከባለቤቷ ጋር በመኖሪያ ቤታቸው ውስጥ መሥራት የጀመሩት «ፀሐይ መማር ትወዳለች» ደግሞ አንዲት ጠያቂ ቀጭኔ ሰጠን። ቀጭኔዋ ስትጠይቅ ደስ ትላለች። ጉድለቱ የእሷ ሳይሆን የመስኮቱ ነው፤ ልጁ ለቀጭኔዋ ቢመልስላት አትሰማውም። የሚሰማ ሰው አጠገቡ መቀመጥ አለበት፤ ብዙ ቤት ግን ቴሌቪዥኑ፣ ዛሬ ዛሬ ደግሞ ስልኩ፣ የሚከፈተው ያ ሰው ተነስቶ እንዲሄድ ነው።

ከሁሉ ይልቅ ወደ ልቤ የሚቀርበው የዮሐንስ ገብረጊዮርጊስ ሥራ ነው። በሳን ፍራንሲስኮ የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት ሲሠሩ ለልጆች የሚሆን የአማርኛ መጽሐፍ ፈልገው ማጣታቸው ነው ያነሳሳቸው። እሳቸው ራሳቸው ከመማሪያ ውጭ የመጀመሪያውን መጽሐፍ የያዙት በ19 ዓመታቸው እንደሆነ ተናግረዋል። በ1995 ዓ.ም. አዲስ አበባ ሾላ አካባቢ የልጆች ቤተ መጻሕፍት ከፈቱ፤ በሐዋሳ በኩል ደግሞ በአህያ ጋሪ መጽሐፍ እየተጫነ ለልጆች ይደርስ ጀመር። የማደንቀው ነገር ልጅ መርጦ እንዲያነብ፣ ያልወደደውንም ጥሎ ሌላ እንዲያነሳ መፈቀዱን ነው። ጥሎ የማንሳት መብት በእኛ ቤት አልተለመደም። መጽሐፍ ተገዝቶ ከመጣ እስከ ነጠብጣቡ ይነበባል።

ከቤት ውጭ የሚገኘውን ትምህርት ሁሉ መቁጠር አልፈልግም። ገበጣ አለ፤ ጠጠር እየዘሩ ከአራት ጉድጓድ ወዲያ የት እንደሚያልቅ በሐሳብ ማስላት ነው። ሱቅ መላክ አለ፤ «መልሱን ቆጥረህ አምጣ» የተባለ ልጅ መቀነስን የተማረው በላብ በራሰች መዳፉ ላይ ነው። ዛሬ ሒሳቡ በስልክ እየተከፈለ ይህም እየቀረ ሄዷል፤ ስለዚህ አንዳንዴ ሆን ብሎ ድፍን ብር ሰጥቶ መላክ ደግ ነው።

የልጅቱን ጥያቄ ግን እንዲህ በቀላሉ አልተውም። አህያዋ ለምን አልሮጠችም? ብትሮጥስ ታመልጥ ነበር? ጅብ በሰዓት እስከ 60 ኪሎ ሜትር ሊሮጥ ይችላል፤ አህያ ያን አትችልም። ወዴትስ ትሮጣለች? ወንዙ ለምን ሽቅብ አይፈስም? ጅቡ ሊበላት ከቆረጠ ለምን ሰበብ ፈለገ? ይህች የመጨረሻዋ ከባድ ናት። ተረቱን የፈጠረው ሰው፣ እንደሚመስለኝ፣ ዳኛ ፊት ቆሞ ውሃ ወደ ታች እንደሚፈስ ያስረዳ፣ ያልተሰማም ሰው ነው። መሸሻ አልነበረውም፤ ስለዚህ አህያውን አላስሮጣትም። አንዲት የስምንት ዓመት ልጅ በአንድ ጥያቄ የሒስ በሩን ወለል አድርጋ ከፈተችው፤ እኛ ሁለት አዋቂዎች ተረባርበን ዘጋነው። እናቲቱ የደከማት ሴት ናት፤ ከሥራ ስትገባ መሽቷል፤ ወጡ እሳት ላይ ነው። ከእሷ የሚጠበቀው መልስ አልነበረም። «እኔም እንጃ፤ እስቲ እማማን ጠይቂያቸው» ብትል ይበቃ ነበር። የመኝታ ቤቱ በር አምስት እርምጃ አይሞላም።

ለአሳታሚዎቻችን አንድ ልመና አለኝ። ያቺን የመጨረሻ ገጽ ባዶ ተዉልን። ነጠብጣብም አትደርድሩባት። ልጁ ካሻው ሥዕል ይሣልባት፤ ካሻው አህያዋን ያስሩጥባት።

ባለፈው እሑድ ተመልሼ ሄጄ ነበር። አመሻሹ ላይ መብራት ጠፋ። ቴሌቪዥኑ ድርግም አለ፤ ስልኮቹም ባትሪያቸው ተሟጦ ነበር። ሻማ ተለኮሰና አክስቴ ከመኝታ ቤት ወጥታ ሶፋው ላይ ተቀመጠች። የአህያዋ ተረት ተነሳ፤ አክስቴ በእሷ አገር እንዴት እንደሚተረት አወራች። ልጅቱ ተቀብላ አህያዋን ወንዙን አሻግራ፣ ዳገቱን አስወጥታ፣ ገበያ መሐል አስገባቻት። ጅቡ ገበያተኛውን አይቶ ተመለሰ። ከዚያ እንቆቅልሽ ተጀመረና ወደ እኔ ዞረች።

«ሲመጣ ልጁ ሁሉ እልል የሚልለት፣ ሲሄድ ልጁ ሁሉ ኡ የሚልበት ምንድን ነው?»

ሙሽራ አልኩ። አይደለም አለች። ዝናብ አልኩ፤ አይደለም። አባትሽ አልኩ፤ ሳቀች። እጄን ሰጠሁ።

«መብራት! አገር ስጠኝ!»

እናቷ «ይስጡኝ በይ እንጂ» ብላ ልታርማት ስትል አክስቴ «ተዪያት፤ በእንቆቅልሽ አንተና አንቱ የለም» አለች።

ጅማን ሰጠኋት።

«ጅማን እማማ ቅድም ሰጥተውኛል» አለች። «ሌላ።»